400 ሺህ ዶላር ተበድረው ስንት ይመልሳሉ? የአሜሪካን ሞርጌጅ እውነተኛ ዋጋ የማስላት ዝርዝር መመሪያ

አሜሪካ ውስጥ ቤት ሊገዛ የተነሳ ሰው አስቀድሞ የሚጠይቀው «በወር ስንት እከፍላለሁ?» ብሎ ነው። አበዳሪውም ሪልተሩም የሚመልሱለት ይህንኑ ነው። የወር ክፍያ ግን እንደ ላስቲክ የሚለጠጥ ቁጥር ነው። የብድሩ ዘመን ሲረዝም ይወርዳል፣ ግብርና ኢንሹራንስ ሳይደመር ሲነገር ይወርዳል፣ አስቀድሞ ፖይንት (ወለዱን ለማስቀነስ የሚከፈል ገንዘብ) ሲገዛም ይወርዳል። የወረደው ገንዘብ ሌላ ቦታ፣ ሌላ ስም ይዞ ይጠብቅዎታል።

ስለዚህ ሊሰላ የሚገባው ይህ ነው፦ ከዚህ ቤት በምወጣበት ቀን በድምሩ ስንት አውጥቼ፣ ስንት ይዤ እወጣለሁ?

በመመሪያው ሁሉ አንድ ምሳሌ ይዘን እንሄዳለን። የቤቱ ዋጋ 450,000 ዶላር፣ ዳውን ፔይመንት (ከኪስ የሚከፈለው ቅድሚያ) 50,000፣ ብድሩ 400,000፣ ወለዱ ለ30 ዓመት የማይለወጥ 6.5 በመቶ ነው። የእርስዎ ቁጥር ይለያል፤ በየቦታው የራስዎን ይተኩ።

1. ወለዱን ከዋናው ዕዳ ነጥሎ ማየት

ኤክሴል ወይም ጉግል ሺትስ ይክፈቱ። አምስት ዓምድ ይበቃል፦ የወሩ ቁጥር፣ የቀረ ዕዳ፣ የወሩ ወለድ፣ ከዋናው ዕዳ የተቀነሰ፣ አዲሱ የቀረ ዕዳ። የወር ክፍያውን «ፒኤምቲ» የሚባለው ቀመር ያወጣልዎታል። የሚሰጡት ሦስት ነገር ነው፦ የዓመቱ ወለድ ለ12 ተካፍሎ፣ የወራቱ ብዛት 360፣ የብድሩ መጠን። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚሳሳተው 6.5 በመቶውን ለ12 ሳያካፍል በማስገባት ነው፤ የሚወጣው ቁጥር በአሥር ሺዎች ከሆነ ስህተቱ እሱ ነው።

በምሳሌያችን የወር ክፍያው 2,528.27 ዶላር ይሆናል። የመጀመሪያውን ወር ቀረብ ብለን እንየው። 400,000 በ0.065 ተባዝቶ ለ12 ሲካፈል 2,166.67 ይመጣል፤ የወሩ ወለድ ይህ ነው። ከከፈሉት 2,528.27 ላይ ይህ ሲነሳ ዋናውን ዕዳ የነካው 361.60 ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ዕዳው 399,638.40 ስለሆነ ወለዱ 2,164.71፣ ከዋናው የሚቀነሰው 363.56 ይሆናል። በአንድ ወር የተገኘው ለውጥ ሁለት ዶላር እንኳ አልሞላም።

ሰንጠረዡን እስከ 360ኛው ወር ይጎትቱት። ሦስት ነገር ያያሉ። ጠቅላላ ክፍያው 910,178 ዶላር ሲሆን ከዚህ ውስጥ ወለዱ 510,178 ነው። አምስት ዓመት ሙሉ 151,696 ዶላር ከከፈሉ በኋላ ዕዳዎ የሚቀንሰው በ25,556 ብቻ ነው፤ ገና 374,444 ይቀርብዎታል። ከወለዱ ይልቅ ለዋናው ዕዳ የሚውለው ድርሻ የሚበልጠው ደግሞ በ233ኛው ክፍያ፣ ማለትም ከ19 ዓመት በኋላ ነው።

ይህ ማጭበርበር አይደለም። ወለድ የሚታሰበው በቀረው ዕዳ ላይ ስለሆነና መጀመሪያ ላይ የቀረው ዕዳ ትልቅ ስለሆነ ነው። ውጤቱ ግን ከባድ ነው፤ በየአምስትና ስድስት ዓመቱ ቤት የሚለውጥ ሰው ሁልጊዜ የሚኖረው ወለዱ በበዛበት የብድሩ መጀመሪያ ላይ ነው።

በሌላ በኩል 510 ሺውን አይቶ መደንገጥም ልክ አይደለም። በ25ኛው ዓመት የሚከፈለው 2,528 ዶላር የዛሬውን 2,528 ያህል አይገዛም። ኪራይ በየዓመቱ ሲጨምር ቋሚ ወለድ ያለው ክፍያ ባለበት መቆየቱ እውነተኛ ጥቅም ነው።

2. ሎን ኢስቲሜቱን ከሦስተኛው ገጽ ጀምሮ ማንበብ

ስምዎን፣ ገቢዎን፣ ሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥርዎን፣ የቤቱን አድራሻ፣ የቤቱን ግምትና የሚፈልጉትን የብድር መጠን ከሰጡ በኋላ አበዳሪው በሦስት የሥራ ቀናት ውስጥ ሎን ኢስቲሜት የሚባለውን ባለ ሦስት ገጽ ቅጽ የመስጠት ግዴታ አለበት። በቃል ወይም በቴክስት የተላከ ዋጋ ሎን ኢስቲሜት አይደለም፤ በእሱ አያወዳድሩ።

ሰው ሁሉ የሚያየው የመጀመሪያውን ገጽ ነው። እርስዎ ከሦስተኛው ይጀምሩ። «ኮምፓሪዝንስ» በሚለው ክፍል ሦስት ቁጥሮች አሉ። አንደኛው በአምስት ዓመት ውስጥ በጠቅላላ የሚከፍሉትንና ከዚያ ውስጥ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰውን ያሳያል። ሁለተኛው ኤፒአር ነው፤ ወለዱን ከአበዳሪው ክፍያዎች ጋር አዋህዶ በመቶኛ ይገልጻል። ሦስተኛው ቲፕ ይባላል፤ በብድሩ ዘመን ሁሉ የሚከፈለው ወለድ ከብድሩ ስንት በመቶ እንደሆነ ይናገራል። በምሳሌያችን ይህ 127 በመቶ አካባቢ ይሆናል። እስከ መጨረሻው ለማይቆይ ሰው ከሦስቱ የሚጠቅመው የአምስት ዓመቱ ቁጥር ነው። ኤፒአር ብድሩን እስከ 30 ዓመት ይዘው እንደሚቆዩ አድርጎ ስለሚያሰላ፣ ቶሎ ለሚሸጥ ሰው ውድ ፖይንት ያለበትን ብድር ርካሽ አስመስሎ ያሳያል።

ከዚያ ወደ መጀመሪያው ገጽ ይመለሱ። «ይህ መጠን ከክሎዚንግ በኋላ ሊጨምር ይችላል?» ለሚለው (ክሎዚንግ ውሉ ተፈርሞ ቤቱ የሚተላለፍበት ቀን ነው) መልሱ አይ መሆኑን፣ ብድሩን ቀድሞ በመክፈል የሚመጣ ቅጣትና በመጨረሻ በአንዴ የሚከፈል ትልቅ ክፍያ አለመኖሩን ያረጋግጡ።

በሁለተኛው ገጽ «ኤ» የሚለው ክፍል የአበዳሪው የራሱ ክፍያ ነው። አበዳሪዎችን የሚያወዳድሩበት እሱ ነው፤ ግብርና ኢንሹራንስ የትም ቢሄዱ አንድ ነው። «ሲ» የሚለው ክፍል ደግሞ እርስዎ ራስዎ ፈልገው ርካሽ የሚያገኙባቸውን አገልግሎቶች ይዘረዝራል።

ቢያንስ ከሦስት አበዳሪ ይውሰዱ፤ ወለድ በየቀኑ ስለሚለዋወጥ በአንድ ቀን ቢሆን ይመረጣል። ክሬዲቴ ይወርዳል ብለው አይፍሩ፤ በ45 ቀናት ውስጥ የተደረጉ የሞርጌጅ ጥያቄዎች እንደ አንድ ይቆጠራሉ።

3. በወር ክፍያው ላይ የሚጫነው

2,528 ዶላሩ ወለድና ዋናው ዕዳ ብቻ ነው። ፕሮፐርቲ ታክስ በዓመት 5,000፣ የቤት ኢንሹራንስ 1,800፣ ፒኤምአይ (ዳውን ፔይመንቱ ሲያንስ የሚከፈል፣ አበዳሪውን የሚጠብቅ መድን) በወር 170 ብለን ብንይዝ፣ በየወሩ ከባንክ የሚወጣው ወደ 3,265 ዶላር ይጠጋል። ኮንዶ ወይም ኤችኦኤ (የቤት ባለቤቶች ማኅበር) ያለበት ሰፈር ከሆነ የዚያ ክፍያ በዚህ ሁሉ ላይ ይጨመራል፤ ብዙ ጊዜም በኢስክሮ (አበዳሪው ለግብርና ለኢንሹራንስ በየወሩ ሰብስቦ በሚያስቀምጥበት ሒሳብ) ውስጥ ስለማይገባ ሰው ይረሳዋል። ኮንዶ ሲገዙ ወርሃዊውን ክፍያ ብቻ አይጠይቁ። ማኅበሩ ለጣሪያና ለሊፍት ምን ያህል መጠባበቂያ እንዳለውና የታቀደ ልዩ መዋጮ መኖሩን በጽሑፍ ያስመጡ። ወርሃዊው ክፍያ ከጎረቤት ሕንፃ በጣም ካነሰ፣ መጠባበቂያው ባዶ ሊሆን ስለሚችል ይጠርጥሩ።

«ቋሚ ወለድ ስለወሰድኩ ክፍያዬ አይለወጥም» የሚለው ግማሽ እውነት ነው። ወለዱ ይቆማል፣ ኢስክሮው ግን በየዓመቱ ይሰላል። ክፉኛ የሚጎዳው አዲስ የተሠራ ቤት የገዛ ሰው ነው። የመጀመሪያው ዓመት ግብር የሚታሰበው ቤቱ ሳይሠራ በፊት በነበረው ባዶ መሬት ላይ ሊሆን ይችላል። ግብሩ በዓመት 1,200 ተብሎ ኢስክሮው በዚያ ቢጀመርና በኋላ ሙሉ ግብሩ 5,000 ሆኖ ቢመጣ፣ 3,800 ዶላር ይጎድላል። በሚቀጥለው ዓመት ለአዲሱ ግብር በወር 317 ይጨመራል፤ የጎደለውን ለመመለስም ሌላ 317። በአንድ ደብዳቤ ክፍያዎ በ633 ዶላር ዘለለ ማለት ነው። መከላከያው ቀላል ነው፦ ከክሎዚንግ በፊት የካውንቲውን የግብር መጠን በገዙበት ዋጋ አባዝተው ልዩነቱን በየወሩ ለብቻ ያስቀምጡ።

ሜሪላንድ ለሚኖሩ፦ በሚኖሩበት ቤት ላይ ግብር የሚታሰብበት ግምት በዓመት ከ10 በመቶ በላይ እንዳያድግ የሚገድብ የሆምስቴድ ታክስ ክሬዲት አለ። አንድ ጊዜ ብቻ ማመልከት ይበቃል፤ ካላመለከቱ ግን አያገኙትም። ዲሲም የራሱ ሆምስቴድ ቅናሽ አለው፤ እሱም በማመልከቻ ነው።

4. ፒኤምአይን በጊዜው ማስነሳት

ዳውን ፔይመንትዎ ከ20 በመቶ ካነሰ በኮንቬንሽናል (የመንግሥት ዋስትና በሌለው) ብድር ላይ ፒኤምአይ ይጫናል። የሚጠብቀው አበዳሪውን ነው፤ እርስዎ ግን ይከፍሉታል። በ1998 የወጣው ፌደራል ሕግ ሁለት መውጫ ሰጥቷል። ዕዳው ከቤቱ የመጀመሪያ ዋጋ 80 በመቶ ሲደርስ በጽሑፍ ጠይቀው ማስነሳት ይችላሉ። ካልጠየቁ፣ በክፍያ ሰሌዳው መሠረት 78 በመቶ በሚደርስበት ቀን ራሱ ይነሳል።

በምሳሌያችን 80 በመቶው 360,000 ነው፤ በመደበኛ ክፍያ የሚደርሱት በ87ኛው ወር ነው። 78 በመቶው 351,000 ሲሆን የሚደርሱት በ102ኛው ወር ነው። ደብዳቤ ባለመጻፍ የሚባክነው 15 ወር በ170 ሲባዛ 2,550 ዶላር ይሆናል። የ87ኛውን ወር ቀን ስልክዎ ላይ አሁኑኑ ይመዝግቡት። የሰፈሩ ዋጋ ከጨመረ ደግሞ አፕሬይዛል (የቤት ዋጋ ግምት) አሠርቶ ቀድሞ ማስነሳት ይቻላል፤ ለአብዛኞቹ ኮንቬንሽናል ብድሮች ከሁለት እስከ አምስት ዓመት ባለው ጊዜ ዕዳው ከአዲሱ ዋጋ ከ75 በመቶ እንዳይበልጥ ይጠየቃል።

ኤፍኤችኤ፣ በፌደራል መንግሥት ዋስትና የሚሰጠው ብድር፣ ሌላ ነው። በ3.5 በመቶ ዳውን ፔይመንት ስለሚያስገባ ብዙ ጀማሪ ገዢ ይወስደዋል። መጀመሪያ የብድሩ 1.75 በመቶ ይጨመርበታል፣ በ400,000 ላይ 7,000 ዶላር ማለት ነው። ከዚያ በየዓመቱ ለአብዛኛው ተበዳሪ 0.55 በመቶ ይከፈላል። ዳውን ፔይመንቱ ከ10 በመቶ በታች ከሆነ ይህ ዓመታዊ ክፍያ ብድሩ እስኪያልቅ አይነሳም፤ መውጫው ሪፋይናንስ ማድረግ፣ ማለትም አሮጌውን ብድር በአዲስ መተካት ነው። ስለዚህ ኤፍኤችኤ እንደ መግቢያ በር ጥሩ ነው፤ እንደ መኖሪያ ግን ውድ ነው።

5. ክሎዚንግ፣ ፖይንትና የዕቁብ ገንዘብ

የክሎዚንግ ወጪ ብዙ ጊዜ ከቤቱ ዋጋ ከ2 እስከ 5 በመቶ ይደርሳል። 3 በመቶ ብንይዝ 13,500 ዶላር ነው። «ክሎዚንግ ኮስት የለብዎትም» የሚል ቅናሽ ሲቀርብልዎ ወጪው በከፍተኛ ወለድ ወይም በብድሩ ላይ ተጭኖ መምጣቱን ይፈትሹ።

አንድ ፖይንት የብድሩ 1 በመቶ ነው፤ በእኛ ምሳሌ 4,000 ዶላር። በዚህ ወለዱ ወደ 6.25 ቢወርድ የወር ክፍያው 2,462.87 ይሆናል፤ ቁጠባው 65.40 ነው። 4,000ን ለ65.40 ያካፍሉ፦ 61 ወር ከምናምን። ከአምስት ዓመት በፊት ከሸጡ ወይም ሪፋይናንስ ካደረጉ ፖይንቱ ኪሳራ ነው።

ዕቁብ ወጥቶላቸው በጥሬ ገንዘብ ባንክ የሚያስገቡ ሰዎች ልብ ሊሉት የሚገባ ነገር አለ። አበዳሪ በተለምዶ የመጨረሻ ሁለት ወር የባንክ መግለጫ ይጠይቃል፤ በዚያ ውስጥ ከደመወዝ ውጭ የገባ ትልቅ ገንዘብ ምንጩ መገለጽ አለበት። ጥሬ ገንዘብ ደግሞ ምንጩን ለማሳየት አስቸጋሪ ነው። ዕቁቡ በባንክ ዝውውር የሚከፈል ከሆነ፣ የየወሩን መዋጮ ማስረጃ ይዘው ቤት ከመፈለግዎ ከሦስት ወር በፊት ያስገቡት። እህት ወይም ወንድም የሰጡዎ ከሆነ፣ የማይመለስ ስጦታ መሆኑን የሚገልጽ የተፈረመ ደብዳቤና ከእነሱ ሒሳብ የወጣበት ማስረጃ ያስፈልጋል።

ከክሎዚንግ ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀን በፊት የመጨረሻውን ወጪ የሚዘረዝረው ክሎዚንግ ዲስክሎዠር የሚባለው ቅጽ ይደርስዎታል። ከሎን ኢስቲሜቱ ጋር ጎን ለጎን አስቀምጠው በተለይ ክፍል «ኤ»ን ያወዳድሩ። በእርስዎ በኩል የተለወጠ ነገር ከሌለ የአበዳሪው ክፍያ መጨመር አይፈቀድለትም።

6. ወለዱን ማሳጠር

ይህን ብድር ለ15 ዓመት በ5.75 በመቶ ቢያገኙት የወር ክፍያው 3,321.64፣ ጠቅላላ ወለዱ 197,895 ይሆናል። ከ510 ሺው ጋር ያለውን ልዩነት ማየት ነው። ነገር ግን በወር 793 ዶላር ተጨማሪ ግዴታ ነው፤ ሥራ ቢቋረጥ አይጠብቅም። ገቢው ለሚለዋወጥ ሰው፣ ለምሳሌ ኡበር ለሚነዳ ወይም የራሱ ምግብ ቤት ላለው፣ የ30 ዓመቱን ወስዶ በሚችለው ወር መጨመር ይሻላል።

በወር 200 ዶላር ቢጨምሩ ብድሩ በ360 ፈንታ በ293 ወር ያልቃል፤ ወደ 112,000 ዶላር ወለድም ይተርፋል። ሲልኩ ግን «ለፕሪንሲፓል ብቻ» (ለዋናው ዕዳ ብቻ) የሚለውን ይምረጡ። አለበለዚያ ክፍያውን የሚቀበለው ድርጅት ለሚቀጥለው ወር የተከፈለ ቅድሚያ አድርጎ ሊይዘው ይችላል፤ ያኔ የሚጠበቀው ቁጠባ አይመጣም። በሚቀጥለው መግለጫ የቀረው ዕዳ በትክክል መውረዱን ይመልከቱ። በየሁለት ሳምንቱ እናስከፍልልዎ እያሉ ለአገልግሎቱ ገንዘብ የሚጠይቁ ድርጅቶች አያስፈልጉም፤ በዓመት የሚጨመረው አንድ የወር ክፍያ ስለሆነ፣ የወር ክፍያውን ለ12 አካፍለው 210.69 በየወሩ ቢጨምሩ ያው ነው። የክሬዲት ካርድ ዕዳ ካለብዎ ግን መጀመሪያ እሱን ይጨርሱ፤ ወለዱ ከሞርጌጅ በብዙ እጥፍ ይበልጣል።

7. ሪፋይናንስ፦ ሰዓቱን እንደገና ከዜሮ ማስጀመር

ከአምስት ዓመት በኋላ ወለድ ወደ 5.75 ወረደ እንበል። ዕዳዎ 374,444 ነው፤ 9,000 የሪፋይናንስ ወጪ ብድሩ ላይ ተጨምሮ 383,444 ይሆናል። ለአዲስ 30 ዓመት ቢፈርሙ ክፍያው 2,237.68 ነው። በወር 290 ዶላር ተረፈ፤ ደስ ይላል።

አሁን ይደምሩ። በአሮጌው ብድር የቀረው 300 ክፍያ 758,481 ዶላር ነበር። አዲሱ 360 ክፍያ ወደ 805,500 ይመጣል። ወለድ ቀንሶልዎት 47,000 ዶላር ገደማ ተጨማሪ ይከፍላሉ፤ የተጨመሩት አምስት ዓመታት በሉት። ያንኑ ብድር ለ25 ዓመት ቢያደርጉት ክፍያው 2,412.27፣ ድምሩ 723,681 ነው። በወር የሚተርፈው 116 ብቻ ቢሆንም በመጨረሻ 34,800 ዶላር ያተርፋሉ። አበዳሪውን «ለቀረኝ ዓመት ልክ አድርግልኝ» ብሎ መጠየቅ ነው። እንቢ ካለም የ30 ዓመቱን ወስደው የድሮውን 2,528 መክፈል ይቀጥሉ።

8. የአምስት ዓመቱ ሒሳብ

ሁሉን አንድ ላይ እናምጣው። በአምስት ዓመት ከኪስ የሚወጣው፦

ዳውን ፔይመንት 50,000
ክሎዚንግ 13,500
ወለድና ዋናው ዕዳ 151,696
ፒኤምአይ 10,200
ፕሮፐርቲ ታክስ 25,000
ኢንሹራንስ 9,000
ጥገና 22,500
ድምር 281,896 ዶላር

ጥገናው በዓመት የቤቱ ዋጋ 1 በመቶ ተብሎ ነው የተያዘው። በአንዳንድ ዓመት ምንም አይወጣም፤ ከዚያ የውኃ ማሞቂያውና ኤሲው በአንድ ክረምትና በጋ ተከታትለው ይሞታሉ። አሮጌ ቤት ከሆነ 2 በመቶ ይያዙ።

ቤቱን በገዙበት 450,000 ሸጡት እንበል። ለኮሚሽን፣ ለዝውውር ግብርና ለመሳሰለው 7 በመቶ፣ 31,500 ይነሳል። የቀረው ዕዳ 374,444 ሲከፈል በእጅዎ የሚቀረው 44,056 ነው። የቤቱ የተጣራ ዋጋ 237,840፣ ለ60 ወር ሲካፈል በወር 3,964 ዶላር። ዋጋው በየዓመቱ 3 በመቶ ካደገ ግን ቤቱ ወደ 521,673 ይሸጣል፤ ተመሳሳይ ወጪና ዕዳ ሲነሳ 110,712 ይተርፋል፣ የወር ዋጋውም ወደ 2,853 ይወርዳል። ከኪራይ ጋር የሚወዳደሩት እነዚህ ሁለት ቁጥሮች ናቸው፤ 2,528ቱ አይደለም። ተመሳሳይ ቤት በ2,700 የሚከራይ ከሆነና አምስት ዓመት መቆየትዎን ካላወቁ፣ ለመግዛት መቸኮል ትርጉም የለውም።

ቤዝመንት አከራይቼ እሸፍነዋለሁ የሚል ደግሞ በዓመት የ10 ወር ኪራይ ብቻ ይቁጠር። ብዙ ካውንቲ ፈቃድ ይጠይቃል፤ ገቢውም ግብር አለበት።

«ወለዱ ከታክስ ይቀነሳል» የሚለውን በልክ ይያዙት። በ2025 ባልና ሚስት አብረው ሲያሳውቁ መደበኛው ቅናሽ 31,500 ዶላር ነበር። የእርስዎ የመጀመሪያ ዓመት ወለድ 25,868 ነው። ከስቴትና ከንብረት ግብር ጋር ተደምሮ ተቀናሹ 35,500 ቢደርስ፣ የሞርጌጁ እውነተኛ ጥቅም ከ31,500 በላይ ባለው 4,000 ላይ ነው፤ በ22 በመቶ የግብር እርከን 880 ዶላር። ሃያ አምስት ሺህ ዶላር ወለድ ከፍሎ 880 ማግኘት ቤት ለመግዛት ምክንያት አይሆንም።

በሃይማኖት ምክንያት ወለድ የማይፈልጉ ሙስሊም ገዢዎች የሚጠቀሙበት የጋራ ባለቤትነት ውልም በዚሁ ሰንጠረዥ ይሰላል። ወለድ በሚለው ዓምድ ፈንታ ለድርጅቱ ድርሻ የሚከፈለውን ያስገቡ፤ ቀድሞ መግዛት ቅጣት እንዳለበትም ይጠይቁ።

9. የመጨረሻው ክፍያ

ብድሩን ሲዘጉ መግለጫው ላይ ያለውን ቀሪ ዕዳ አይላኩ። ወለድ በየቀኑ ስለሚቆጠር፣ የሚከፍሉበትን ቀን ጠቅሰው የፔይኦፍ ደብዳቤ (ብድሩን ለመዝጋት የሚያስፈልገውን ሙሉ ገንዘብ የሚገልጽ) ያስመጡ፤ በጥቂት ዶላር ጎድሎ ብድሩ ሳይዘጋ ሊቀር ይችላል። በኢስክሮ የቀረው ገንዘብዎ በ20 የሥራ ቀናት ውስጥ ሊመለስልዎ ይገባል። ከዚያ ወዲያ የግብሩና የኢንሹራንሱ ደረሰኝ ወደ እርስዎ ነው የሚመጣው፤ አድራሻዎን ለካውንቲውና ለኢንሹራንሱ ያስተካክሉ። ከአንድ ሁለት ወር በኋላም በካውንቲው የመሬት መዝገብ ላይ ዕዳው መነሳቱ መመዝገቡን ይዩ፤ ካልተመዘገበ ቤቱን ለመሸጥ በተነሱ ቀን ነው የሚያስታውሱት።